ቦርቦሪግመስ የተባለው ውሻ

ስምንተኛን እንደ ምንም ጨርሼ ልደታ ማርያም አካባቢ እንግሊዝኛ ኮርስ ገባሁ። ሰርተፊኬት ካገኘሁ አክስቴ ሰንጋ ተራ ያለው ሱቋ ልትቀጥረኝ ቃል ገብታልኛለች። ቲቸር ግን ተራ ቃል አያስተምርም፤ ክብሩን ይነካበታል መሰለኝ።

አንድ ቀን «ቦርቦሪግመስ!» አለ አፉን ሞልቶ። «አንቺ ዝምተኛዋ፣ ትርጉሙ ምንድን ነው?»

ክፍሉ በሙሉ ሲያየኝ ደንግጬ «የውሻ ዝርያ» አልኩ።

ቲቸር ትንሽ አሰብ አደረገ። «ጎበዝ! በጣም ተናካሽ ውሻ ነው፤ ጻፉት!»

ሁሉም ጻፈ። ማታ ስልኬ ላይ ስፈልገው ለካ የሆድ ጩኸት ነው።

ቃሉ በመጨረሻው ፈተና መጣ። ሕሊናዬ አላስችል ብሎኝ እውነተኛውን ትርጉም ጻፍኩ።

በአንድ ማርክ ወደቅኩ። ቲቸር ወረቀቴን እየመለሰልኝ፣ «አንቺ ልጅ፣ ይሄን ስንማር የት ነበርሽ?»