የድንቅቱ ፍንጭት ሂሳብ

የሰበታው እህል ነጋዴ ኦቦ ገርባ ሂሳብ ሳያጣራ ከኪሱ ሳንቲም አያወጣም። የዕድሩ ሰዎች "ገርባ የራሱን መቃብር አስቆፋሪ ሆኖ ቢመጣ እንኳ ዋጋ ሳያስቀንስ አይገባበትም" እያሉ ይስቁበታል። ያለ ክርክር የተቀበለው ነገር ቢኖር ሚስቱን ድንቅቱን ነው። ገና ልጃገረድ ሳለች ገበያ መሃል ስትስቅ ፍንጭቷን አየ፤ በቃ፣ አለቀለት። ሽማግሌዎቹ የጠየቁትን ጥሎሽ ሁሉ እሺ አለ። ከዚያ ወዲህ ያቺን ፍንጭት ለማየት ሲል ብቻ የማያስቅ ቀልድ ሲቀልድላት ኖሯል።

ድንቅቱን የመንጋጋ ሕመም እንቅልፍ ሲነሳት፣ አዲስ አበባ አንድ ግሪካዊ የጥርስ ሐኪም ዘንድ ወሰዳት። እሷን እዚያ ትቶ ጆንያ ሊገዛ መርካቶ ወረደ። ሲመለስ አፏን በነጠላ ሸፍና ደጃፍ ላይ ቆማለች። አውቶቡሱ እንዳያመልጣቸው ሰግቶ የተባለውን ከፈለና ደረሰኙን ኪሱ ከትቶ ሮጠ።

ቤቱ ገብቶ መነጽሩን ሲሰካ ነው ጉድ የፈላው። መንጋጋ መንቀል፣ ስድስት ብር። ይሁን። ማደንዘዣ፣ ሁለት ብር። እሱም ይሁን። የፊት ጥርስ ማበጀት፣ አሥራ አምስት ብር!

"ያ ዋቃ! ዕዳ ከሜዳ!" ብሎ ከመደቡ ተነሳ። "የሌላ ሰው ሂሳብ ጭነውብናል! የፊት ጥርስሽን ማን ነካው?"

ድንቅቱ ነጠላዋን ወደ አፏ ሳብ አደረገች። "ይተዉት እባክዎ፤ ለዚህ ብለው ከፈረንጅ አይጣሉ።"

"እንዴት እተወዋለሁ? አብረን እንሄዳለን፤ አፍሽን ከፍተሽ ታሳዪዋለሽ!"

እስኪሄዱ ድረስ ነጠላው ከአፏ አልወረደም። ገርባ ቁስሉ ነው ብሎ አሰበ።

ሐኪሙ ዘንድ ደርሰው ደረሰኙን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋለት። ሐኪሙ ግን አልደነገጠም። "ጌታዬ፣ እሷ ጥርስ ክፍት ነበረ። እኔ ዘጋ። አሁን ቆንጆ!" አለ።

ገርባ ወደ ሚስቱ ዞረ። ድንቅቱ ነጠላዋን ቀስ ብላ አወረደች። በሁለቱ የፊት ጥርሶቿ መሃል ነጭ ነገር እንደ ግድግዳ ተለስኗል። ፍንጭቷ የለችም።

"አፌ ደንዝዞ ሐኪሙ ምን እንደሚሠራ አላወቅሁም" አለች፣ እንባዋ ቀድሟት። "ብነግርዎት ደግሞ ለብሩ ይናደዳሉ ብዬ ፈራሁ።"

ገርባ ደረሰኙን ከጠረጴዛው አንስቶ ጨመደደው። ብር ሲቆጥር ሰንብቶ የቤቱ ሳቅ መጥፋቱን ልብ አላለም፤ አፈረ።

ሐኪሙ ለብሩ የተናደደ መስሎት "እሺ፣ አሥራ አምስት ብር እመልሳለሁ" አለ።

"ብሩን ተወው። ፍንጭቷን መልስልኝ።"

"ማውጣት ሌላ ሥራ ነው። ሌላ ሂሳብ።"

"አውጣው አልኩህ!"

ሲመለሱ አውቶቡሱ ፉሪን እንዳለፈ ድንቅቱ የደነዘዘ ከንፈሯን እየዳበሰች ጠየቀችው።

"ለማውጣቱ ስንት አስከፈለዎት?"

ገርባ ኪሱን ዳበሰ። ደረሰኝም አልተቀበለ። "እኔ እንጃ" አላት።

ድንቅቱ ይህን ስትሰማ ሳቋ አመለጣት፤ በለመደችው እጇ ነጠላዋን ወደ አፏ ልትስብ ስትል ገርባ ያዘባት።

"ተይው፣ ልይሽ" አላት።

"ሰው ሁሉ እያየ?"

"ይይ።"