እግር ከወርች ያሰሩኝ አባባ

ትናንት ጠዋት እዚህ አሜሪካ፣ ግሌንዴል ውስጥ ምንጣፍ ላይ እግር ከወርች ታስሬ ቁጭ ብዬ ነበር... አባባል እንዳይመስላችሁ። ሁለት እጄና አንድ እግሬ፣ በገመድ። ያሰሩኝ ደግሞ የሰማንያ አራት ዓመት አዛውንት ናቸው።

ቤታቸው እየሄድኩ የምንከባከባቸው አሜሪካዊ ናቸው። እኔ አባባ እላቸዋለሁ። በጉብዝናቸው ዘመን ሮዲዮ በሚባለው የከብት አያያዝ ውድድር ላይ ከፈረስ ሆነው ጥጃ በገመድ ይይዙና ወርደው ሦስት እግሩን ያስሩ ነበር። አሁን ቁርስ መብላታቸውን እንኳ ይረሳሉ። የውድድሩን ሕግ ግን በቀን አሥር ጊዜ ይነግሩኛል፦ ታስራለህ፣ እጅህን ወደ ላይ ታነሳለህ፣ ወደ ፈረስህ ትመለሳለህ። ጥጃው ከተፈታ ልፋትህ ገደል ገባ።

ካልሲ ላጠልቅላቸው ወለሉ ላይ ቁጭ ብዬ ቀና ስል... አጭር ገመድ በጥርሳቸው ነክሰዋል። ሊውጡት ነው ብዬ ክው አልኩ።

«አባባ፣ ይስጡኝ!» ብዬ ሁለት እጄን ዘረጋሁላቸው።

ለካ ገመዱን በጥርስ መያዝ የሙያው ደንብ ነው! እጄን አፈፍ አደረጉና ከቁርጭምጭሚቴ ጋር ጥምጥም፣ ቋጠር... የሸሚዝ ቁልፍ መቆለፍ የሚያቅታቸው ጣቶች ናቸው እንግዲህ። ከዚያ ሁለት እጃቸውን ወደ ላይ አነሱ።

ሳቄ መጣ። ዞረው ወደ በሩ ሲራመዱ ግን ሳቄ ደረቀ። ወደ ፈረሳቸው እየሄዱ ነው... ከበሩ ውጭ ያለው የሦስተኛ ፎቅ ደረጃ ነው።

«አባባ! ይቁሙ! ስቶፕ!»

ማን ይስማኝ! ስልኬ ኪችን ነው። ቋጠሮው ንቅንቅ አይልም። እመቤቴን እየተጣራሁ አለቀስኩ። እሳቸው የበሩን እጀታ ያዙ።

ያኔ ሕጉ ትዝ አለኝ።

«ጥጃው ተፈታ!» ብዬ ጮህኩ።

ቀጥ አሉ። ተመልሰው መጥተው አጠገቤ ተንበረከኩ። ገመዱን አዩት፣ እኔን አዩኝ፣ ዓይናቸው እንባ ሞላ።

«ማነው እንዲህ ያሰረሽ?»

«አላወቅኩትም፣ አባባ።»

ሊፈቱኝ ሞከሩ... ጣቶቻቸው ረስተውታል።

«አይዞሽ» አሉኝ፣ «ገመዴን ብቻ ፈልጊልኝ፣ ሰውየው የትም አያመልጠኝም።»

ቋጠሮውን ታግዬ በጥርሴ ፈታሁት። ያሰረኝን ሰው ግን... ዛሬም አብረን ስንፈልገው ዋልን።