ሙሽራዋና በሩ

አሜሪካ፣ አሌክሳንድሪያ ካለው ሱቄ አጠገብ ጥፍር የሚሠራበት ኔይል ሳሎን አለ። የጥፍር ቀለም ማስለቀቂያው፣ የአሴቶኑ ሽታ በግድግዳው አልፎ ሲመጣ ሲልቨር ስፕሪንግ የነበረው የጋሽ ታደሰ ቤዝመንት፣ ምድር ቤታቸው፣ ትዝ ይለኛል። ከድሮ ሥራቸው ያቆዩት የፊልም ማጣበቂያ ልክ እንዲህ ነበር የሚሸተው። ጋሽ ታደሰ ወጣትነታቸውን የጨረሱት ሮም ውስጥ የካውቦይና የአስፈሪ ፊልም ሲቆርጡና ሲቀጥሉ ነው። አሜሪካ ግን የሰርግ ቪዲዮ ኤዲት ያደርጉ ነበር።

የእህቴን ሰርግ የሰጠናቸው እኔ ሃይስኩል እያለሁ ነው። እኛ ዘንድ የሰርግ ቪዲዮ እንደ ጨርቅ በርዝመቱ ነው የሚገመተው፤ ያልታየ ዘመድ ያኮርፋል። እሳቸው ግማሽ ሰዓት አድርገው አመጡት። ዘመድ ሁሉ ሳሎናችን ተሰብስቦ፣ እሳቸውም ባሉበት ከፈትነው።

እህቴ በሩን ታያለች። በሩ ይታያል። ኬክ ትቆርሳለች፣ እንደገና በሩን ታያለች። ባሏ ሲያጎርሳት እንኳ ዓይኗ በሩ ላይ ነው።

«ገዳዩ መቼ ነው የሚገባው?» አለ አጎቴ፣ አስፈሪ ፊልም የሚያይ ይመስል። ባሏ ሪሞቱን ቀስ ብሎ አስቀመጠ፤ እህቴ ተነስታ ኪችን ገባች።

«ጋሽ ታደሰ፣ ምን አደረጉን?» አለች እናቴ።

«እኔ ቆርጬ ያወጣሁት ሰላምታውንና ጭፈራውን ነው» አሉ፣ እሳቸውም ደንግጠው። «ዓይኗን የት ልደብቀው፣ የኔ እመቤት?»

ማንን ትጠብቅ እንደነበር የጠየቃት የለም።

እህቴ ዛሬም እዚህ ጎረቤቴ ኔይል ሳሎን ጥፍሯን ልታሠራ ትመጣለች፤ ባሏ መኪና ውስጥ ይጠብቃታል። ስትወጣ ወዴት እንደምታይ አላውቅም። ያን ሰዓት ሁልጊዜ ጀርባዬን ለመስኮቱ ሰጥቼ የምደረድረው ዕቃ አላጣም።