አባዬ የጨረሰው ሾርባ

ዛሬ ጠዋት ከጎረቤቴ አፓርትመንት ቤከን የሚሉት የአሳማ ሥጋ ጥብስ ሽታ መጣና ቁልፌን እንደያዝኩ ኮሪደሩ ላይ ቆምኩ። ውጭ ያው የሲያትል ዝናብ ነው።

አሥራ ሁለት ዓመቴ ነበር። እናቴ ከሞተች ሁለት ወር ሆኗታል፤ አባዬ እህል አልቀምስ ብሎ ከስቷል። ትምህርት ቤት ቾውደር የሚባል ወፍራም የዓሳ ሾርባ አስተምረውን ስለነበር እሱን ላበላው ተነሳሁ። ቤከኑን ቆራርጬ ጠበስኩ። በወጣው ስብ ሽንኩርቱን አቁላላሁ፤ ድንች፣ ዓሳና ክሬም ጨምሬ እስኪወፍር አማሰልኩ። መስኮቱ በእንፋሎት ተሸፈነ።

አባዬ ከሥራ ገብቶ ጃኬቱን ሳያወልቅ ተቀመጠ። ማንኪያውን አንስቶ አሸተተና፣ "ሥጋው የምንድን ነው?" አለኝ።

"የበሬ ነው" አልኩት። የአሳማ ካልኩት እንደማይነካው አውቃለሁ።

ትንሽ አየኝ። ከዚያ ሳህኑን ጠርጎ በላና፣ "እጅሽ ይባረክ። የእናትሽን እጅ ወርሰሻል" አለ።

እሑድ ቤተ ክርስቲያን ስንደርስ አባዬ አጥሩ ጋ ዝናብ እየመታው ቆመ።

"አባዬ፣ አትገባም?"

"ዛሬ እዚህ ይሻለኛል። አንቺ ግቢ፣ ለእናትሽ ጸልዪላት።"

ሐዘኑ መስሎኝ ተውኩት።

አባዬ ከሲያትል አጠገብ ቱክዊላ ባለ ሆቴል ለቁርስ ቤከን የሚጠብስ ሰው ነበር። የተከለከለ ምግብ የበላ ሰው ቤተ ክርስቲያን ሳይገባ ውጭ እንደሚቆምም አውቅ ነበር። ሁለቱን ያገናኘኋቸው ግን እሱን ከቀበርኩ በኋላ ነው።

ያኔ ሳህኑን ስለጨረሰ ወዶታል ብዬ በሳምንቱ ደግሜ ሠራሁለት። እሱንም ጨረሰው።