ጀርባውን የሚሰጠው አዝማሪ

አንሙት ማሲንቆ ሲመታ ፊቱን የሚያዞረው ወደ ሰው ሳይሆን ፊልም ወደሚታይበት አቡጀዴ ነው። የእርሻ ጽሕፈት ቤቱ መኪና በየገበያው እየዞረ ፊልም ያሳያል። ፊልሙ የሚናገረው በእንግሊዝኛ ስለሆነ ድምፁን ይዘጉታል፤ ዜማ የሚያለብሰው አንሙት ነው። ማንም አልቀጠረውም። ደብረ ኤልያስ ላይ አንድ ቀን ሳይጠሩት መታ፤ ደስ አላቸውና በዚያው ተከተላቸው።

አዲስ ፊልም ሲመጣ ማሲንቆውን ሰቅሎ ደጋግሞ ያያል። ፊልሙ ላይ ለምትታየው ዶሮ ቁንጥንጥ ያለ፣ ለፈረንጇ ላም እንደ እርምጃዋ ከበድ ያለ ዜማ አበጅቷል። ሰው ሊስቅ ሲል ደጋኑን ያነሣል። "ሣቅ ባለበት ማሲንቆ ምን አገባው?" ይላል።

ሮብ ገበያ ላይ ግን ጭንቅ መጣ። "አዝማሪው ፊልሙን ጠጅ ቤት አደረገው" የሚል ክስ የደረሳቸው ተቆጣጣሪ፣ አቶ ወልደ ሩፋኤል፣ ከደብረ ማርቆስ መጥተው የትምህርት ቤቱ አዳራሽ ውስጥ ከፊት ተቀመጡ።

"ሰው ካሳቅህበት ከዛሬ ወዲያ ከፊልሙ ጋር አትዞርም" አሉት።

መስኮቱ በጋቢ ተሸፈነ፤ አቡጀዴው ላይ ላሚቱ መጣች።

"ምነው ጀርባህን ሰጠኸን? ተጣልተን ነበር እንዴ?" አለ አበረ የሚባል ገበሬ ከኋላ። ቀጥሎም ጮኸ፦ "ተቀበል!

የፈረንጅ ላም አየሁ ጋንዋን አንጠልጥላ፤
እኛ ቤት ብትመጣ ምን አለ ልትበላ?"

አዝማሪ የሰጡትን ግጥም ካልተቀበለ ሰጪውን አዋረደ ማለት ነው። ቢቀበል ደግሞ አዳራሹ በሣቅ ይፈርሳል፤ ፊልሙም ከእጁ ይወጣል። አንሙት የላሚቱን ዜማ ቀጠለ።

"ደነቆርክ ወይስ ናቅኸኝ?" አበረ ብድግ አለ።

አንሙት ፊልሙን በቃሉ ያውቀዋል። ላሚቱ ታጠበች፤ ታለበች። የበረቱ በር ሲከፈት የአበረን ግጥም ከፍ አድርጎ ተቀበለ። "ምን አለ ልትበላ" ሲል ባለ ላሙ አንድ ሸክም ለምለም ሣር ግርግሙ ላይ ዘረገፈ። አዳራሹ ፈነዳ። አንሙት ደጋኑን አንሥቶ ሣቁ እስኪበርድ ጠበቀ።

"ያ ሣር እኛ ማሳ ይበቅላል?" አለ አበረ ቁጣውን ረስቶ። ሌሎችም ስለ ዘሩ መጠየቅ ጀመሩ።

ፊልሙ ሲያልቅ ተቆጣጣሪው አንሙትን ጠሩት።

"ሰው አሳቅህ።"

"አዎ ጌታዬ። ሰውየው ጠየቀ፤ ፊልሙ መለሰለት።"

"ላባርርህ ፋይልህን ብጠይቅ የለህም አሉኝ።"

"ማን ቀጥሮኝ ጌታዬ!"

አቶ ወልደ ሩፋኤል ሣቃቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ። "እንግዲህ ቀጥል። ማርቆስ ያሉት ሹማምንትም ይህችን ላም ይዩዋት።"

"እነሱም ተቀበል ካሉኝስ?"

"እነሱ ካሉህማ ወዲያው ተቀበል። ሣሩ እስኪመጣ አይጠብቁህም።"