የጭላዳዋ ሙሾ

በአርብ ገበያ ከተማ ዙሪያ ሰው ሲሞት መጀመሪያ የሚጠራው ቄስ ነው፤ ቀጥላ የምትጠራው አዛለች ነበረች። ሠርግ ላይ ዘፍናለች፤ ከባህል ቡድን ጋርም ንፋስ መውጫ ወጥታ መድረክ ላይ ቆማለች። ስሟን ያስጠራው ግን ሙሾዋ ነው። ቀሳውስቱ «ለቅሶ አታብዢ» እያሉ ይቆጧታል፤ የራሳቸው ሰው ሲሞት ግን መልእክተኛ የሚልኩት ወደ እሷው ነው።

አልቃሽ በመሆኗ መርዶ ከሁሉ ቀድማ ትሰማለች። ባገሩ ደንብ ሰው በሩቅ ሲሞት ዘመድ እስኪሰበሰብ ወሬው ይታፈናል፤ ከዚያ አንድ ቀን ጎህ ሲቀድ ቤተሰቡ መርዶውን ይረዳል። ስንቷን እናት፣ የልጇን መሞት አዛለች ራሷ እያወቀች፣ ገበያ መሐል አግኝታ ስለ ሽንኩርት ዋጋ አውርታታለች! አስቃታለችም። ጭካኔ እንዳይመስላችሁ፤ ለእናትየው ማዘን ነው። አዛለችም እንዲያ ብላ ታምን ነበር።

አንድ ልጇ ሙሉነህ ለሰሊጥ አጨዳ መተማ ወርዶ ድምፁ ከጠፋ በኋላ ግን ሙሾ እርሟ ሆነ። ሁለት ዓመት ካራት ወር ሙሉ ስልኩ ላይ ስትደውል ዝግ ነው። «የልጄን ደብዛ ሳላውቅ ሙሾ ባወርድ በገዛ አፌ ማሟረት ነው» አለች። ለቅሶ ቤት ሄዳ ከኋላ ቁጭ ትላለች እንጂ አፏን አትከፍትም። «ኮራች» ያሏት አሉ፤ ይበሉ። እሷ ዝም እስካለች ድረስ ሙሉነህ በሕይወት አለ፤ ይህን ማንም ከልቧ ሊያወጣው አይችልም ነበር።

በዚህ መሐል ነው ኢየሩሳሌም የመጣችው። ኢየሩሳሌም ንፋስ መውጫ የምታስተምር፣ ከሥራ ሰዓት ውጭ በኮምፒውተር ሥዕል እያንቀሳቀሰች ለልጆች አጫጭር ፊልም የምትሠራ ወጣት ናት። አዛለችን መድረክ ላይ ሰምታት ስለነበር ለሥዕሎቿ ድምፅ እንድትሆንላት ለመነቻት። ግድግዳው ሁሉ ብርድ ልብስ በተሰቀለበት ክፍል ውስጥ አዛለች መጀመሪያ ነጭናጫ አህያ ሆነች። ቀጥሎ ግልገሏን አዝላ የጉናን ገደል የምትወጣ የምትወርድ፣ አፏ የማያርፍ ጭላዳ ሆነች። ልጆች ጭላዳዋን ወደዷት። አንድ ቀን ሚኒባስ ውስጥ ድምፅዋን የሰማች ሕፃን «እማዬ፣ ጭላዳዋ!» ብላ ስትጮህ አዛለች ከልቧ ሳቀች። ልጇ ከጠፋ ወዲህ እንዲያ ስቃ አታውቅም።

በአራተኛው ፊልም ግን ግልገሉ ከገደል ወድቆ ይሞታል።

«እትዬ አዛለች፣ እዚህ ላይ ሙሾ ያወርዱልኛል» አለች ኢየሩሳሌም።

«አላወርድም። ነግሬሻለሁኮ።»

«የጭላዳ ልጅኮ ነው!»

«ሞት ጭላዳና ሰው ይመርጣል? ሌላ ፈልጊ።»

ኢየሩሳሌም ሌላ ፈለገች። ሰኞ ዕለት ከባህል ቡድኑ አንዲት ልጅ መጥታ ማይኩ ፊት ታለቃቅስ ጀመር። አዛለች ጥግ ይዛ ትሰማለች። አንዴ ቻለችው። ሁለቴም ቻለችው። በሦስተኛው ግን ብድግ ብላ፣ «ተይ እባክሽ! ይኸ የጥርስ ሕመም ነው እንጂ ለቅሶ አይደለም» አለች። እንግዲህ ምን ይባላል፤ የሠላሳ ዓመት ሙያ አላስቀምጥ አላት። ልጅቱን ገለል አድርጋ፣ «ኪዳነ ምሕረት ትወቅልኝ፣ ለጭላዳ ነው» ብላ አማተበችና ጀመረች።

«ገደል ለገደሉ ያዘልኩህ በጀርባ፣
ሣር ላይ አስተኝቼህ እንዴት ቤት ልግባ።»

ስትጨርስ ኢየሩሳሌም እንባዋን እየጠረገች ነበር። አዛለች ነጠላዋን አጣፍታ ማንንም ሳትሰናበት ወጣች። ሌብነት የሠራች ያህል ፈርታለች።

በማግስቱ ማክሰኞ ጎረቤቷ ዘርፌ ወንፊት ልትዋስ መጣች፤ ስለ ባሏ ማንኮራፋት እያወራች ስታስቃት አረፈደች። ልትወጣ ስትል «ወንድምሽ መቼ ነው የሚመጣው?» አለቻት። የአዛለች ወንድም አለሙ ከእስቴ ለእሑድ እመጣለሁ ብሎ ደውሎ ነበር። በውቂያ መሐል ምን እግር ጣለው ብላ አዛለችም ገርሟታል፤ ናፍቄው ይሆናል ብላ ተወችው።

ኢየሩሳሌም ደግሞ ደስታዋን መቻል አቅቷት ያን ሙሾ፣ ሥዕሉ ሳይኖርበት ድምፁን ብቻ፣ በቴሌግራም ለጓደኞቿ ልካዋለች። ድምፁ ከስልክ ስልክ እየዞረ ዓርብ ዕለት ገበያው ሞቅ ሲል አርብ ገበያ ደረሰ። ያንን ድምፅ እዚያ የማያውቀው የለም። ሴቶቹ እህላቸውን እንኳ በቅጡ ሳይቋጥሩ ገበያውን ጥለው ተነሡ።

አዛለች ደጃፏ ላይ አተር ትለቅማለች። ዋይታውን ሰምታ ቀና ስትል ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ደረታቸውን እየደቁ ወደ እሷ ሲመጡ አየች። ወዲያው ገባት፤ ሙሾውን ሰምተው ነው። አፈረች፣ ተናደደችም። «ኧረ ተመለሱ፣ ፊልም ነው! የሞተው የጭላዳ ግልገል ነው! ልጄን በቁሙ አትቅበሩብኝ!» ልትላቸው ብድግ አለች።

ዘርፌ ግን ቀድማ ደርሳ አንገቷ ላይ ተጠመጠመች።

«አዛሉ፣ ማን ነገረሽ? አለሙ ሳይመጣ ማን ጨክኖ ነገረሽ?»

አዛለች የዘርፌን ክንድ ካንገቷ ላይ ቀስ ብላ አወረደችና ፊቷን አየቻት።

«ማክሰኞ ታውቂ ነበር?» አለቻት።

ዘርፌ አቀረቀረች።

ባገሩ ሌላ አልቃሽ የለምና ሴቶቹ በግቢው ዙሪያ ቆመው፣ እንደ ልማዳቸው፣ አዛለች እስክትጀምርላቸው ጠበቁ።