የውሸቱ ድንኳን

ባለፈው ሳምንት ከአዲሱ ገበያ ወደ ዊንጌት ስወርድ መንገዱ በለቅሶ ድንኳን ተዘግቶ ታክሲያችን ቆመ። አጠገቤ የተቀመጠው ጎረምሳ ስልኩን በመስኮት አውጥቶ ይቀርጽ ጀመር። "ተው እንጂ!" ልለው አፌን ከፍቼ መልሼ ዘጋሁት። እኔ ማን ሆኜ?

በወጣትነቴ ለቴሌቪዥን አስቂኝ ድራማ እጽፍ ነበር። ድራማው ተመልካች ለማብዛት የማያደርገው ነገር በሌለው አንድ የፈጠራ ጣቢያ ላይ ያላግጣል። የሚያሳፍረው፣ የእኛኑ ድራማ የሚያየው ሰው አልነበረም። ተመልካች ካልጨመራችሁ በቃችሁ ተባልን። አዘጋጃችን ሰለሞን በዚያው ሰሞን ልጅ ወልዶ ስለነበር እንጀራዬ ሊቀር ነው ብሎ እንቅልፍ አጣ።

እኔም በድራማው ውስጥ ያለው የጣቢያ ኃላፊ ተመልካች ፍለጋ "ሞቻለሁ" ብሎ የሚያስለቅስበትን ክፍል ጻፍኩ። ጉለሌ፣ አንዲት ተዋናያችን ደጅ ላይ፣ ከእድሯ የተዋስነውን ድንኳን ተከልን። የክረምቱ ጭቃ ገና አልደረቀም፤ ከእንጦጦ የሚወርደው ንፋስ ሸራውን ያርገበግበዋል። ለጎረቤት መንገር ግን ማናችንም ትዝ አላለንም።

የእኛ ሰው ድንኳን ካየ መጀመሪያ ይገባል፤ ማን እንደሞተ የሚጠይቀው ከተቀመጠ በኋላ ነው። ሴቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ገቡ፤ አንዷ ንፍሮ ይዛ መጣች። ሰለሞን እኔ ያመጣኋቸው አጃቢዎች መስለውት "ጎበዝ!" አለኝ። እኔ ደግሞ እሱ ያመጣቸው መስሎኝ ነበር።

ከዚያ እትዬ ጥሩነሽ የሚባሉ እናት ደረታቸውን ይመቱ ጀመር።

"ልጄን! ባሕር በላህ፣ ድንኳን እንኳ ሳይጣልልህ!"

ልጃቸው በስደት ባሕር ላይ ቀርቷል። አስከሬኑ ስላልተገኘ ይመጣል እያሉ ለቅሶ ሳይቀመጡ መክረማቸውን አጠገቤ ያሉት ሴት በሹክሹክታ ነገሩኝ። ለቅሶው የእውነት መሆኑ ያኔ ነው የገባኝ። ገብቶኝም ወደ ሰለሞን ጠጋ ብዬ፣

"እንዳታቆም! ይሄን ካሳየን ማንም አይዘጋንም" አልኩት።

ሰለሞን ትክ ብሎ አየኝና ካሜራውን አጠፋ። ሄዶ እግራቸው ሥር ተንበረከከ።

"እትዬ፣ ይቅር ይበሉን። የሞተ ሰው የለም፤ ድራማ ነው።"

በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ።

"ለእናንተ የለም ይሆናል፣ ልጄ" አሉ። "እስኪመሽ ብቻ አታፍርሱብኝ።"

እስኪመሽ ንፍሮ ስናዞር ዋልን። ክፍሉ አልተላለፈም፤ በወሩ ድራማው ተዘጋ።

የድሮ ጓደኞቻችን ሲያገኙን "ያን ብታሳዩት ኖሮ የት በደረሳችሁ!" ይሉናል። ሰለሞን ስቆ ያልፈዋል፤ ማን ቀጥል እንዳለው አንድም ቀን አላወጣም። እኔም አብሬው እስቃለሁ። እናት ልጃቸውን ሲያለቅሱ ተመልካች እቆጥር የነበርኩት እኔ መሆኔን ስናገር ይህ የመጀመሪያዬ ነው።